እግድ ወጣ ተብሎ አይተኛም

ቱሉ ዲምቱም ሆነ አያት አካባቢ የቤት ክርክር ያለበት ሰው ከፍርድ ቤት ሲመለስ ጎረቤት መጀመሪያ የሚጠይቀው «እግዱ ወጣ?» ብሎ ነው። እግድ ማለት ፍርዱ ለጊዜው እንዳይፈጸም የሚያቆም የፍርድ ቤት ትዕዛዝ ነው። ወጣ ከተባለ እፎይ ይባላል። ስለ ይግባኙ የሚጠይቅ የለም። ይህ ነገር ሰዎችን ቤታቸውን እያሳጣ ስለሆነ ዝም ልል አልቻልኩም።

ይግባኝ ማለት ብቻውን የፍርዱን አፈጻጸም አያስቆምም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 332 የሚለው ይህንኑ ነው። ስለዚህ የእግድ አቤቱታ ለብቻው መቅረብ አለበት። አመልካቹ ካልታገደለት ከባድ ጉዳት እንደሚደርስበት ማሳየት፣ ሳይዘገይ ማመልከት፣ ፍርዱ ቢጸና እንደሚፈጽምም ዋስትና ማቅረብ ይጠበቅበታል።

እግዱ ግን የራሱ ነፍስ የለውም። የሚኖረው ይግባኙ እስካለ ድረስ ነው። ይግባኝ ሰሚው ችሎት መልስ ሰጪውን ሳይጠራ «አያስቀርብም»፣ ማለትም ይግባኙ ለክርክር አይበቃም ብሎ መዝገቡን ሲዘጋ እግዱም አብሮ ይነሳል። ይግባኝ ባዩ በቀጠሮው ሳይቀርብ ቀርቶ መዝገቡ ሲዘጋም ያው ነው። የ60 ቀኑ የይግባኝ ጊዜ ካለፈና ፍርድ ቤቱ ዘግይቶ ማቅረብን ካልፈቀደ ደግሞ መጀመሪያውኑ እግዱ የሚንጠለጠልበት ነገር የለም።

አንዲት የሰፈራችን እናት ወረቀታቸውን አሳዩኝ። የእግድ አቤቱታው ሦስት ገጽ ነው። የልጆቹ ትምህርት፣ አዲሱ ቆርቆሮ፣ የግቢው አጥር ሳይቀር ተጽፏል። የይግባኝ ማመልከቻው ግን ግማሽ ገጽ አይሞላም፤ «ፍርዱ ስህተት ስለሆነ ይሻርልኝ» ይላል።

«እማማ፣ የሥር ፍርድ ቤቱ የሳተው ምኑ ላይ ነው?» አልኳቸው።

«እሱን እንጃ ልጄ። እግዱ እንደሆነ በእጄ ነው» አሉኝ።

ይግባኙ አያስቀርብም ተባለ። አፈጻጸሙም ካቆመበት ቀጠለ።

በእሳቸው አልፈርድም። ለእግዱ ለብቻው ገንዘብ ተቀብሎ «ጨርሰናል፣ አይዞዎት» ያላቸው ሰው ግን ተጠያቂ ነው። ጠበቃም ይሁን ማመልከቻ ጸሐፊ፣ ይግባኙ ከወደቀ እግዱም እንደሚወድቅ ሳይነግር ገንዘብ መቀበል የለበትም።

ፍርድ ቤቶችም የሚያግዙት ነገር አለ። «ሌላ ትዕዛዝ እስኪሰጥ ድረስ ታግዷል» የሚለው አጻጻፍ ለሕግ ሰው ግልጽ ነው። ለእማማ ግን ለዘላለም ማለት ነው። «ይህ እግድ ይግባኙ ሲወሰን ወይም መዝገቡ ሲዘጋ ያበቃል» የሚል አንድ መስመር ቢጨመርበት ምንም ወጪ የለውም። በወዲያኛው በኩልም ተፈርዶለት ቤቱን የሚጠብቅ ሰው አለ። እግድ በተሰጠበት መዝገብ ላይ ቀጠሮ ሲጎተት የሚጎዳው እሱ ነው።

እስከዚያው ፍርድ የተሰጠበት ሰው ቶሎ የውሳኔውን ግልባጭ ያውጣ። ቀኑን ይቁጠር። የትኛው ማስረጃ እንደታለፈ፣ የትኛው ሕግ እንደተዛባ ነጥብ በነጥብ ያስጽፍ። እግዱን ከዚያ ጋር ይጠይቅ።